ድምፅ የማን ነው?

ይስሐቅ ዓይኑ በፈዘዘ ጊዜ ወደ እሱ የቀረበውን ልጅ ድምፅ ሰምቶ ያዕቆብ ሳይሆን አይቀርም ብሎ ተጠራጥሮ ነበር። የፍየል ጠጕር የለበሰውን እጅ ሲዳስስ ግን ጆሮውን ትቶ እጁን አመነና ምርቃቱን ለታናሹ ሰጠ። በዚያ ድንኳን ውስጥ ያልዋሸው ድምፅ ብቻ ነበር። ድምፅ ይህን ያህል የማንነት ምስክር ከሆነ፣ ዕድሜ ልኩን በሌላ ስም ሲናገር የኖረ ሰውስ ምን ይባላል? ሐሰተኛ?

ጥያቄው በጃፓናዊቷ የድምፅ ተዋናይት በማሳኮ ኖዛዋ ሕይወት ሊፈተን ይችላል። እ.ኤ.አ. በ1936 በቶኪዮ የተወለዱት ኖዛዋ ትወና የጀመሩት ገና በሕፃንነታቸው ነው። የውጭ ፊልሞች የጃፓንኛ ድምፅ በቀጥታ ስርጭት ይሰጣቸው በነበረበት ዘመን፣ ሕፃናትን እያመሹ ማሠራት አስቸጋሪ ነበር። ወንዶቹ ልጆች ደግሞ ሲጎረምሱ ድምፃቸው ይለወጣል። ስለዚህ የወንድ ልጅ ሚና ለሴቶች ይሰጥ ጀመር፤ ኖዛዋም ወደ ሙያው የገቡት በዚህ በር ነው።

በካርቱን ፊልሞችም በ1968 የመናፍስቱን ልጅ ኪታሮን፣ በ1978 በ"ጋላክሲ ኤክስፕረስ 999" ቴትሱሮን ሆኑ። በ1986 "ድራገን ቦል" ሲጀመር የዋና ገጸ ባሕርዩ የጎኩ ድምፅ የእሳቸው ሆነ። ጎኩ አድጎ ጡንቻው ፈረጠመ፣ አግብቶም ወለደ፤ ድምፁ ግን ያው ነው። ልጆቹ ጎሃንና ጎተንም የሚናገሩት በኖዛዋ አንደበት ስለሆነ፣ አባትና ልጆች ሲጨዋወቱ የምንሰማው አንዲት ሴት ለራሷ ስትመልስ ነው።

ይህ ሐሰት አይደለም። ያዕቆብ በወንድሙ ስም የቀረበው የወንድሙን በረከት ሊወስድ ነው። ኖዛዋ በጎኩ ስም የሚናገሩት ግን የራሳቸውን እስትንፋስ ሊሰጡ ነው፤ ስማቸውም በፊልሙ ላይ በግልጽ ተጽፏል።

የተሰጠው ድምፅ ታዲያ ለዘላለም የገጸ ባሕርዩ ይሆናል? ሰማያዊው ድመት ዶራኤሞን በ1973 በቴሌቪዥን ሲመጣ ድምፁ የኮሴይ ቶሚታ ነበር፤ ብዙም ሳይቆይ ኖዛዋ ተረከቡት። ከ1979 እስከ 2005 ኖቡዮ ኦያማ ያዙት፤ ከዚያ ዋሳቢ ሚዙታ ተቀበሉ። ኦያማ በ2024 በ90 ዓመታቸው ሲያርፉ ዶራኤሞን አብሯቸው አልሞተም።

የኪታሮ ታሪክ ደግሞ ከዚህም ይጠልቃል። የአባቱን ድምፅ ከ1968 ጀምሮ ይዘው የኖሩት ኢሳሙ ታኖናካ በ2010 አረፉ። በ2018 አዲሱ ተከታታይ ሲሠራ፣ ከ50 ዓመት በፊት ልጁን ሆነው የተናገሩት ኖዛዋ አባቱን ሆነው ተመለሱ፤ ልጁን ደግሞ ሚዩኪ ሳዋሺሮ ተረከቡት። ድምፅ እዚህ ላይ ርስት መሆኑ ቀርቶ አደራ ሆኗል፦ ሰው ከሰው ይቀበለዋል፣ ይጠብቀዋል፣ ያስረክበዋል።

አርስቶትል ስለ ነፍስ በጻፈው መጽሐፍ ድምፅን ከተራ ጩኸት ለይቶታል። ሳል ከጉሮሮ ቢወጣም ድምፅ አይባልም፤ ድምፅ ነፍስ ካለው ፍጡር፣ ትርጉም ይዞ የሚወጣ ነውና። ዛሬ ሰው ሠራሽ አስተውሎት የአንድን ተዋናይ ቅላጼ ቀድቶ ያልተናገረውን ሊያናግረው ይችላል። ነገር ግን አደራውን ማን ተቀበለ? ስለ ቃሉስ ማን ይጠየቃል?

በጥቅምት 2024 ሃያ ስድስት የጃፓን ድምፅ ተዋናዮች ያለ ፈቃዳቸው ድምፃቸው በሰው ሠራሽ አስተውሎት እንዳይቀዳ በቪዲዮ ዘመቻ ጀመሩ። በዚያው ወር የኖዛዋ ወኪል የሆነው አኦኒ ፕሮዳክሽን የእሳቸውንና የዘጠኝ ባልደረቦቻቸውን ድምፅ ለዚሁ ቴክኖሎጂ ሲፈቅድ፣ ለትወና እንዳይውል ገደብ አበጅቷል። ሁለቱ እርምጃዎች አይጋጩም፤ በሁለቱም ውስጥ ወሳኙ የባለ ድምፁ ፈቃድ ነው።

በእነዚህ ድምፆች ያደግን ተመልካቾች ሁሉ ተዋናዮቹን ልንደግፋቸው ይገባል። ሳይጠየቁ የተቀዱ ድምፆችን አንስማ፣ ለሌላውም አናጋራ።