የሩጫ ፍሬው ምንድር ነው?

ከላሊበላ ከተማ ወደ አሸተን ማርያም የሚያወጣውን ዳገት የወጣ ሁሉ ትንፋሽ ምን ያህል ውድ ሀብት እንደ ሆነ ያውቃል። ከተማዪቱ ራስዋ ከባሕር ወለል በላይ 2,500 ሜትር ያህል ከፍ ብላ የተቀመጠች ናት፤ አሸተን ግን ከ3,000 ሜትር በላይ ነው። ተሳላሚው መቋሚያውን ተመርኵዞ፥ በየማረፊያው እየተቀመጠ፥ የእመቤታችንን ስም እየጠራ ይወጣዋል። እነሆ አንድ ቅኔ የሚማር ዲያቆን በየማለዳው ከኪዳን በኋላ ነጠላውን በወገቡ ታጥቆ ይህን ዳገት እየሮጠ ሲወጣና ሲወርድ አየው ነበር። የተላከበት ጕዳይ የለም፤ የጠፋ ከብት አይፈልግም፤ እንደ ቆሎ ተማሪ ውሻ አላባረረውም። ሮጦ ሮጦ ወደ ተነሣበት ይመለሳል።

አንድ ቀን ጠርቼ፥ «ልጄ፥ ወዴት ነው የምትሮጠው?» አልሁት።

«ወዴትም አይደለም፥ የኔታ። የሯጮቻችንን ዝና ሰምቼ ጀመርሁት። በመጀመሪያ ልቤ እንደ እሳት ይነድ ነበር፤ አሁን ግን ሰለቸኝ። ፍሬው ምን እንደ ሆነም አላውቅም። ልተወው ወይስ ልቀጥል?» አለኝ።

እኔም ብዙ ሳላስብ፥ «ይህን ድካም ለቅኔው ብታደርገው ይሻልሃል» ብዬ መለስሁለት። እርሱም እጅ ነሥቶ ሄደ። መልሴ ግን ከእኔ ጋር ቀረ፤ በዚያች ሌሊትም እንቅልፍ ነሣኝ። ስለ ምን እንደ ነሣኝ ወደ ኋላ እናገራለሁ።

በላስታ ደጋ አንድ ሰው ሲሮጥ የታየ እንደ ሆነ፥ ያየው ሁሉ «ምን ሆነ?» ብሎ ይጠይቃል። ምጥ ይሆናል፤ መርዶ ይሆናል፤ እሳት ይሆናል። ያለ ምክንያት የሚሮጥ ሕፃን ብቻ ነው ይባላል። በ2013 ዓ.ም. ማብቂያ ጦርነት ወደ አገራችን በደረሰ ጊዜም ሽማግሌው ሳይቀር ሮጧል፤ ያን ጊዜ ትጋት ከወዴት ይመጣል ብሎ የጠየቀ አልነበረም። ዳሩ ግን ፍርሃት ያስሮጠው እግር ፍርሃቱ ሲያልፍ ይቆማል። አባቶች የአገልግሎትን መዓርግ ሲያስተምሩ ባሪያ ቅጣትን ፈርቶ፥ ምንደኛ ደመወዙን አስቦ፥ ልጅ ግን አባቱን ወድዶ ያገለግላል ይላሉና፥ ይህ ምሥጢር ለሩጫም የሚስማማ ይመስለኛል። የዲያቆኑ ችግር ከሦስቱ አንዱም ሳይኖረው መሮጡ ነበር። ዝናን ወድዶ ጀመረ፤ ዝናውም በዳገቱ ላይ አልተገኘም።

በመጽሐፈ ሳሙኤል ካልዕ የተጻፈውን የሳዶቅን ልጅ የአኪማአስን ነገር እናስብ። አቤሴሎም በሞተ ጊዜ ኢዮአብ መልእክቱን ለኩሳዊው ሰው ሰጥቶ ላከው። አኪማአስ ግን ልሩጥ ብሎ አጥብቆ ለመነ፤ ኢዮአብም በዚህ ወሬ ዋጋ እንደማያገኝ ነገረው። እርሱ ግን ሮጠ፤ ኩሳዊውንም ቀደመው። ንጉሡ ዳዊት ስለ ልጁ በጠየቀው ጊዜ ብዙ ሽብር አየሁ ከማለት በቀር የሚመልሰው አልነበረውም፤ ፈቀቅ ብሎ እንዲቆም ታዘዘ። መልእክቱን ያደረሰ ኋላ የመጣው ኩሳዊ ነው። እኔም ይህን ክፍል ሳስተምር አኪማአስን ባዶ እጁን የሮጠ ሰው እያልሁ ብዙ ጊዜ ነቅፌዋለሁ።

ነገር ግን በዚያች እንቅልፍ ባጣሁባት ሌሊት ሁለት ነገር ትዝ አለኝ። አንደኛው፥ በቅጥሩ ላይ የነበረው ዘበኛ ገና ከሩቅ ሳለ ሰውዬውን በአሯሯጡ ማወቁ ነው። ሰው በአሯሯጡ የሚታወቀው አስቀድሞ ብዙ የሮጠ እንደ ሆነ አይደለምን? ሁለተኛው ደግሞ ከዚህ የሚበልጥ ነው፤ ከጥቂት ጊዜ በፊት የኩሲን ምክር ለዳዊት ያደረሱት፥ ንጉሡም በሌሊት ዮርዳኖስን ተሻግሮ ከሞት እንዲያመልጥ ያደረጉት፥ ይኸው አኪማአስና ባልንጀራው ዮናታን ነበሩ። አንድ ቀን ባዶውን የሮጠው እግር በሌላ ቀን ንጉሥ ያዳነ እግር ነው። ወንጌላዊው ፊልጶስም ወደ ኢትዮጵያዊው ጃንደረባ ሠረገላ የደረሰው በሩጫ ነው። በዝግታ ቢሄድ ኖሮ ሠረገላው አልፎት በሄደ ነበር።

ሮጦ ወደ ተነሣበት መመለስ ከንቱ ነው የሚለውም ነቀፋ፥ ሳስበው፥ በአንድ ካህን አፍ የሚያምር አይደለም። ታቦቱ ቤተ ክርስቲያኑን ሦስት ጊዜ ዞሮ ወደ መንበሩ ይመለስ የለምን? ዑደቱን ከንቱ ያለ ማንም የለም።

ዲያቆኑ ዝናቸውን ከሰማላቸው ሯጮች የመጀመሪያው አበበ ቢቂላ ነው። ጳጉሜን 5 ቀን 1952 ዓ.ም.፥ በዘመን መለወጫ ዋዜማ፥ በሮማ ከተማ 42 ኪሎ ሜትር ከ195 ሜትር በባዶ እግሩ ሮጦ፥ ችቦ በበራበት ጨለማ በቈስጠንጢኖስ ቅስት ሥር አንደኛ ሆኖ ገባ። በዚያን ጊዜ የአክሱም ሐውልት ገና ከሮማ አልተመለሰም ነበር፤ ሩጫውም በአጠገቡ ያልፍ ነበር። በ1957 ዓ.ም. ትርፍ አንጀቱ ከወጣለት ስድስት ሳምንት ሳይሞላ በቶኪዮ ደግሞ አሸነፈ። ይህን ሁሉም ያውቃል። እኔ ግን ይልቁንም የ1961 ዓ.ም.ን አበበ አስባለሁ። በጥቅምት ወር በሜክሲኮ ሕመም ጸንቶበት 17 ኪሎ ሜትር ያህል ሮጦ አቋረጠ፤ ድሉም ለወገኑ ለማሞ ወልዴ ሆነ። በዚያው ዓመት በመጋቢት ወር በደረሰበት የመኪና አደጋ እግሮቹ ሽባ ሆኑ። የሩጫው ፍሬ በእግሩ ብቻ ቢሆን ኖሮ በዚያ ቀን ባለቀ ነበር። እርሱ ግን በ1962 ዓ.ም. በእንግሊዝ አገር ለአካል ጉዳተኞች በተደረገው ውድድር በተሽከርካሪ ወንበር ተቀምጦ ቀስት ይዞ ተሰለፈ። ቅዱስ ጳውሎስ ለቆሮንቶስ ሰዎች ስለ ሯጮች ሲጽፍ አክሊላቸው የሚጠፋ መሆኑን ገለጠ እንጂ፥ ሰውነታቸውን መግዛታቸውን አልነቀፈም፤ እንዲያውም አብነት አደረገው። በአበበ ላይ እግሩ ካለፈ በኋላ የቀረው ይህ መግዛት ይመስለኛል።

አሁን ወደ ዲያቆኑ ስልቹነት ልመለስ። ሰው ትጋት አስቀድሞ በልብ ካልመጣ ሥራ አይጀመርም ብሎ ያስባል። ለሰዓታት የሚነሣ ካህን ግን የሌሊቱን ደወል ሲሰማ ልቡን «ትፈቅዳለህን?» ብሎ አይጠይቅም። እግሩን ከመኝታው ያወርዳል፤ ልቡ በቅኔ ማኅሌት ይደርስበታል። አንዳንድ ሌሊት ሳይደርስበት እንደሚነጋም አልክድም። የላሊበላ አብያተ ክርስቲያናት 23 ዓመት እንደ ፈጁ ትውፊት ይናገራል። ከዐለቱ ላይ አንድ እፍኝ ፍላጭ ሲያነሣ የዋለው ሠራተኛ በመሸ ጊዜ ምን አየ? ጣራውን እንጂ በሩን ሳያይ የሞተም ይኖራል። የመጀመሪያው ቀን እሳት ለዚህ ሁሉ ዘመን አይበቃም፤ የበቃው በነጋ ጊዜ መሮውን አንሥቶ ወደ ጕድጓዱ መመለስ ነው።

እንቅልፍ የነሣኝን ነገር እናገራለሁ ብዬ ነበር። ዕድሜዬ ዐሥራ ሦስት ዓመት ያህል ሳለ፥ ዜማ እማርበት በነበረው አገር አንድ ሽማግሌ ታመው ለሞት ተቃረቡ፤ የንስሐ አባታቸውንም ጥሩልኝ አሉ። የንስሐ አባታቸው ከሸለቆው ማዶ ነበሩ። መምህሬ «ሩጥ፤ እንዳትቆም» ብለው ላኩኝ። ቁልቁለቱን በረርሁት፤ ወንዙን ተሻገርሁ፤ ዳገቱ እኩሌታ ላይ ግን ትንፋሼ አለቀና ከወይራ ሥር ባለ ደንጊያ ላይ ተቀመጥሁ። እስከዚህ ድረስ ጥፋት የለብኝም። ትንፋሼ ከተመለሰ በኋላም ግን ጥቂት ተቀመጥሁ። ጥላው ደስ ይል ነበር። ካህኑን ይዤ ስመለስ የልቅሶው ድምፅ ከወንዙ ማዶ ተቀበለን። እግዚአብሔር የሽማግሌውን ፈቃደ ልብ እንደ ተቀበለላቸው አምናለሁ፤ መምህሬም አንድ ቃል አልተናገሩኝም። እኔ ግን ያችን ጥቂት ጊዜ እስከ ዛሬ አልረሳኋትም።

በማግሥቱ ዲያቆኑን አስጠርቼ መልሴን እንደ ለወጥሁ ነገርሁት፤ ይህንንም ታሪክ ለመጀመሪያ ጊዜ ለሰው አወራሁ። ቅኔውን ሳትተው ሩጥ፥ ሕመምተኛ ያለበት ቤት ሲልክህም አንተ ቅደም አልሁት። እርሱም ጥቂት ዝም ብሎ፥ «የኔታ፥ ደንጊያው ዛሬም አለን?» ሲል ጠየቀኝ።

አለ። ወይራው ተቈርጧል፤ ደንጊያው ግን አለ። በዚያ መንገድ ከዚያ ወዲህ ብዙ ጊዜ ወጥቻለሁ፤ ተቀምጬበት ግን አላውቅም።