መሣሪያ የያዘ እጅና የሚያድን እጅ

ስሙ ወደ ቋንቋችን ሲመለስ «የፀሐይ ዘሮች» ሊባል የሚችል፣ በ2008 ዓ.ም. በደቡብ ኮሪያ ቴሌቪዥን የቀረበ ባለ 16 ክፍል ድራማ አለ። ዩ ሺጂን የተባለ የልዩ ጦር ሻምበል ካንግ ሞዮን የተባለች ሐኪም ይወዳል። እርስዋ ግን ገና ከጅምሩ ትለየዋለች። እርስዋ ሕይወት ለማትረፍ ስትደክም እርሱ ሰውን ለመጠበቅ ሲል የሚገድል መሆኑን ልታስታርቀው አልቻለችም።

እንዲህ ያለውን ታሪክ በእጅ ስልኩ የሚከታተል ወጣት ከባሕር ዳር አልፎ በእንፍራንዝም አይጠፋም። ዐይኑ የሚያርፈው ግን በወታደራዊ ልብሱና በተኩሱ ላይ ነው። ይህ ወጣት ከነሐሴ 2015 ዓ.ም. ወዲህ በገዛ ክልሉ የጦርነት ድምፅ የሰማ በመሆኑ፣ የሐኪሟ ጥያቄ ለእርሱ መዝናኛ ብቻ ሊሆን አይገባም።

ድራማው ራሱ ጥያቄውን በቀላሉ ያልፈዋል፤ የሚሞቱት አብዛኛውን ጊዜ ክፉዎች ስለሆኑ ማንም አያለቅስላቸውም። ይሁንና አንድ ስፍራ ላይ ይበረታል። አለቆቹ ጣልቃ አትግባ ሲሉት ሻምበሉ የሬዲዮ ግንኙነቱን አቋርጦ ሐኪሟ በሽተኛውን እንድታድን ይከላከልላታል፤ ቅጣቱንም ይቀበላል። ሁለተኛው የቫቲካን ጉባኤ በ1958 ዓ.ም. ስለ ቤተ ክርስቲያንና ስለ ዘመናዊው ዓለም ባወጣው ሰነድ፣ የሕዝብን ደኅንነት በቅንነት የሚጠብቅ ወታደር ሰላምን እንደሚያገለግል ያስተምራል፤ ወንጀል የሆነን ትእዛዝ የፈጸመ ሰው ግን «ታዝዤ ነው» በማለቱ ነጻ እንደማይሆን ይናገራል።

ኮሪያን የምናውቃት በድራማ ብቻ አይደለም። በ1943 ዓ.ም. ከክብር ዘበኛ የተውጣጣው ቃኘው ሻለቃ (ስሙ የራስ መኰንን የጦር ፈረስ ስም ነው) ወደዚያ ዘመተ። ሐምሌ 1945 ዓ.ም. ተኩስ እስኪቆም ድረስ ሦስት ሻለቆች ተፈራረቁ። በዘመቻው ከ120 የሚበልጡ ሞቱ፤ አንድም ሰው አልተማረከም። ይህን ሁላችንም በኩራት እናነሣዋለን። ብዙ የማይነገረው፣ ወታደሮቹ ከደመወዛቸው እያዋጡ በዶንግዱቾን ከተማ ወላጅ ላጡ ሕፃናት ማሳደጊያ መክፈታቸው ነው። አንዳንዶች ይህን እንደ ካሣ ይቆጥሩት ይሆናል፤ እኔ አይመስለኝም፤ የሞተ ሰው በዳቦ አይተካም። ነገር ግን ቀን ምሽግ ውስጥ የዋለ ሰው ልቡ ለሌላው ልጅ ያልደነደነ መሆኑን ያሳያል።

የትምህርተ ክርስቶስ መምህራን ወጣቶቹ ስለዚህ ድራማ ሲያወሩ ከሰሙ አያቋርጧቸው። ሐኪሟ ሻምበሉን መለየትዋ ትክክል ነበር ወይስ አልነበረም ብለው ይጠይቋቸው፤ ከተከራከሩም በኋላ የዶንግዱቾኑን ቤት ይንገሯቸው።