ለእድርህ የጻፍከውን ለልጆችህም ጻፍ

የመንግሥት ሠራተኛ ወንድሜ፣ የእድርህን መዝገብ እስቲ ግለጠው። የሚስትህ ስም አለ፣ የእናትህ አለ፣ የአማትህም ሳይቀር አለ። ልጅ ሲወለድልህ ጸሐፊው ዘንድ ሄደህ አስመዝግበሃል፤ ስሙ ላልሰፈረ ሰው እድር እንደማይከፍል ታውቃለህና። አሁን ደግሞ መሥሪያ ቤትህ ያለውን የግል ማኅደርህን አስወጣና እይ። የሕይወት ታሪክ ፎርሙን የሞላኸው በተቀጠርክበት ዓመት ነው፤ «ያላገባ» ይላል። ዛሬ የሁለት ልጆች አባት ነህ።

ይህን መዘንጋት አትበለው፤ በቤተሰብህ ላይ የምትፈጽመው በደል ነው። በየወሩ ከደመወዝህ 7 በመቶ ለጡረታ ይቆረጣል፤ መሥሪያ ቤትህም 11 በመቶ ይጨምርበታል። ከዚህ ገንዘብ ላይ ቤተሰብህም ድርሻ አለው። 10 ዓመት አገልግለህ ብትሞት፣ አንተ ልታገኘው ይገባ ከነበረው አበል ሚስትህ ግማሹን፣ ለአካለ መጠን ያልደረሰ ልጅህ ደግሞ እያንዳንዱ 20 በመቶውን ያገኛል። እናትም አባትም ለሌለው ልጅ 30 በመቶ ነው። እህቴ፣ አንቺም ሠራተኛ ከሆንሽ ባልሽና ልጆችሽ በአንቺ ስም ይህንኑ መብት አላቸው።

ጡረታ ከፋዩ ግን ሚስትህን የሚያውቃት በወረቀት ብቻ ነው። አርባህ ሳይወጣ ነጠላዋን አዘቅዝቃ መሥሪያ ቤትህ ደጃፍ ትቆማለች። በሽማግሌ ፊት ያገባሃት ናት፤ የቤተሰብ ሕጉም በባህልና በሃይማኖት የተፈጸመ ጋብቻን ይቀበላል። ነገር ግን አላስመዘገብከውምና ሚስትነቷን በሰው ምስክር እንድታስረዳ ፍርድ ቤት ትላካለች። ምስክሮቹ አንዱ ሞቷል፣ ሌላው አገር ቤት ነው። በልጅህ የልደት ምስክር ወረቀት ላይ እናቲቱ በቤት ስሟ፣ በመታወቂያዋ ላይ ደግሞ በሌላ ስም ተጽፋ ትገኛለች። ያን ለማስተካከል ደግሞ ወደ ወረዳ ትመለሳለች። አከራዩ ግን ወሩን ጠብቆ በር ያንኳኳል። የልጆችህ እራት ፋይሉ እስኪጣራ አይቆይም።

ምክንያትህን አውቀዋለሁ። «ሞትን ማንሳት ሟርት ነው» ትላለህ። እድር ስትገባ ግን ሞትን አስበህ ነበር፤ ማንም ሟርተኛ አላለህም። «ብሞት መሥሪያ ቤቴ ለልጄ ሥራ አያጣለትም» የምትልም አለህ። የሟችን ሠራተኛ ልጅ ወይም ሚስት በርኅራኄ የመቅጠር የጸና ደንብ ባላት በህንድ እንኳ፣ በማዕከላዊው መንግሥት ለዚህ የሚፈቀደው ድርሻ በዝቅተኛ እርከን በቀጥታ ቅጥር ከሚሞሉ ክፍት ቦታዎች ከ5 በመቶ አያልፍም። የአገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤትም በ1994 እ.ኤ.አ. ዓላማው ድንገተኛውን ችግር ማቃለል እንጂ የሥራ መደብ ማውረስ እንዳልሆነ አስረግጧል። በሰው ርኅራኄ ላይ ተስፋ ጥለህ፣ በእጅህ ያለውን መብት እንዴት ትተዋለህ?

ከሁሉ የከፋው ሦስተኛው ምክንያት ነው። ከትዳርህ ውጭ የወለድከውን ልጅ ደብቀሃል። ፎርሙን ያልነካኸው ያ ስም እንዳይወጣ ብለህ ነው። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 36 ከጋብቻ ውጭ የተወለደ ልጅ በጋብቻ ከተወለደው ጋር እኩል መብት እንዳለው ደንግጓል። አንተ ግን ያን ሕፃን በለቅሶህ ማግስት ከወንድሞቹ ጋር በፍርድ ቤት ልታቆመው ነው። በሕይወትህ አፍረህ ያልተናገርከውን፣ አባቱን የቀበረ ልጅ እየተሰደበ ያስረዳልህ ዘንድ ፈርደህበታል። ይህ ፍርሃት አባትነትን ያዋርዳል።

የቀብርህን ነገር እድርተኛው አያጎድልብህም። ድንኳኑ ይተከላል፣ ንፍሮው ይቀቀላል፣ ለቀስተኛውም በሦስተኛው ቀን ወደ ቤቱ ይሄዳል። ከዚያ በኋላ ላሉት ዓመታት ልጆችህን የሚያኖራቸው አንተ ዛሬ የምታስቀምጠው ወረቀት ነው። ጋብቻህን አስመዝግብ። የልጆችህን የልደት ምስክር ወረቀት አውጣ። የሚስትህ ስም በሁሉም ሰነድ ላይ አንድ መሆኑን አረጋግጥ። ከዚያም ኮፒውን ይዘህ ወደ ሰው ኃይል ክፍል ግባና ማኅደርህ ውስጥ ሲገባ በዓይንህ እይ። ይህን ለማድረግ ጥቂት ቀን ይበቃሃል፤ ሳታደርገው ከሞትክ ግን ሚስትህ ዓመታት ትከፍልበታለች።