ስለ ቆየ ክስና ስለ ጡረተኛ እንጀራ

ሰው አጥፍቶ ሳይቀጣ ብዙ ዘመን ቢያልፍ፣ ጥፋቱ በዘመን ብዛት ይሰረዛልን? በወጣትነቴ ይህን ብጠየቅ ኖሮ «አይሰረዝም» ብዬ ወዲያው እመልስ ነበር። ያሳደጉኝ የሚስዮን መምህራን በደል በንስሓ እንጂ በቀን መቁጠሪያ እንደማይነጻ አስተምረውኛልና። ዛሬ ግን ነገሩን ከፍዬ ማየት እወዳለሁ።

ለዚህ አሳብ ያነሣሡኝ እዚህ በገላን ኮንዶሚኒየም ከእኔ በላይ ባለው ፎቅ የሚኖሩ ጎረቤቴ ናቸው። በአንድ የመንግሥት መሥሪያ ቤት በዕቃ ግምጃ ቤት ሠራተኛነት ኖረው ጡረታ ከወጡ ስድስተኛ ዓመታቸው ነው። ባለፈው ክረምት ደብዳቤ መጣላቸው። ዓይናቸው ስለ ደከመ ደረጃውን በዝግታ ወርደው «መምህር፣ እስቲ ይህን ያንብቡልኝ» አሉኝ። ደብዳቤው ከዘጠኝ ዓመት በፊት ጎደለ ስለ ተባለ ዕቃ ቀርበው መልስ እንዲሰጡ፣ ባይሰጡ ግን በጡረታ አበላቸው ላይ እርምጃ እንዲወሰድ የሚጠየቅ መሆኑን የሚናገር ነበር። ዝም ብለው ቆዩና «ዕቃው የወጣው በሞዴል 22 ነው፤ ቅጂውንም አለቃዬ ወስደውታል። ያዩ ሁለት ሰዎች ነበሩ፤ አንዱ ሞቷል፣ ሁለተኛው ባሕር ማዶ ነው» አሉኝ።

እውነቱን ይናገሩ አይናገሩ እኔ አላውቅም። የሚያስጨንቀኝም ይኸው ነው፤ ዛሬ ማንም ሊያውቅ አይችልም። በጊዜው ቢጠየቁ ኖሮ ወረቀቱም ምስክሩም ነበረ።

ሕግ ለዚህ ነገር «ይርጋ» የሚባል ቃል አለው። ቃሉ «ረጋ» ከሚለው የወጣ ነው፤ እርጎም ከዚያው ነው። ወተት የሚረጋው ሳይነካ ሲቀመጥ ነው፤ ባለቤቲቱ በየሰዓቱ ብትነቀንቀው አይረጋም። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ለውል ጉዳይ በጠቅላላው 10 ዓመት ወስኗል። በ1999 ዓ.ም. የወጣው የፌዴራል መንግሥት ሠራተኞች አዋጅ ቁጥር 515 ደግሞ ስለ ዲሲፕሊን ጥፋት እጅግ አጭር ጊዜ ሰጥቶ ነበር፤ ቀላሉ ጥፋት ከታወቀ በኋላ በ6 ወር፣ ከባዱ በ1 ዓመት ውስጥ ካልተያዘ ሠራተኛው በዲሲፕሊን አይጠየቅም። በዚህ ብቻ አላበቃም፤ ጊዜውን ያሳለፈውን ኃላፊ ተጠያቂ አድርጎ ነበር። ብዙ ሰው ይርጋ ለአጥፊው የተሰጠ ስጦታ ይመስለዋል። እኔ ግን በአለቃው አንገት ላይ የተደረገ ቀንበር ነው እላለሁ፤ ያወቅኸውን በቶሎ ተናገር፣ አለዚያ ለዘለዓለም ተወው የሚል።

ይህን የምለው ከመጽሐፍ አይደለም። በማስተምርበት በአንድ ትምህርት ቤት የዲሲፕሊን ኮሚቴ ጸሐፊ ነበርሁ። በአንድ ወጣት መምህር ላይ አቤቱታ ቀረበ፤ ርእሰ መምህሩ አቤቱታውን ወደ ኮሚቴው ሳይመሩት በመሳቢያቸው አስቀመጡት። ልጁ በስብሰባ ላይ እጁን ባነሣ ቁጥር «የአንተ ፋይል እኔ ዘንድ መሆኑን አትርሳ» ይሉት ነበር። ሁለት ዓመት እንዲህ ሆነ። በኋላ እጁን ማንሣት ተወ። ፋይሉ ያለበትን የማውቅ እኔ፣ «ወይ ይታይ ወይ ይዘጋ» ለማለት የሚበቃ አፍ ነበረኝ፤ አልተናገርሁም። ያ ልጅ አጥፍቶ እንደ ሆነ እስከ ዛሬ አላውቅም። የእኔ ጥፋት ግን የታወቀ ነው።

አንድ ሰው ተነሥቶ «የድኻ ገንዘብ የበላ ሁሉ ጡረታ እስኪወጣ ተደብቆ ይዳን ማለትህ ነውን?» ይለኝ ይሆናል። አይደለም። ሌብነት ከሆነ ወንጀል ነው፤ ወንጀል ረዘም ያለ የራሱ ይርጋ አለው፤ ዐቃቤ ሕግም ማስረጃውን ይዞ ዳኛ ፊት ይቁም። ጊዜ ጨርሶ ሊያረጋው የማይገባ በደልም አለ፤ የ1987ቱ ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 28 ዘር ማጥፋትንና ሰውን ማሰወርን የመሰለ ወንጀል በይርጋ እንዳይታገድ ደንግጓል። የዲሲፕሊን ቅጣት ግን የሥራን ሥርዓት ለመጠበቅ የቆመ ነው። ሥራው ካለቀ ምን ይጠብቃል? የቀረው አበሉ ብቻ ነው። አበሉ ደግሞ ከደመወዛችን 7 በመቶ እየተቆረጠ፣ መንግሥትም 11 በመቶ እየጨመረበት የተጠራቀመ የድካም ዋጋ እንጂ የአለቃ ችሮታ አይደለም፤ ሰውየው ቢሞት ግማሹ ለሚስቱ የሚተርፍ ነው። የጎረቤቴ ባለቤት ስለ ሞዴል 22 ምን ታውቃለች?

የህንድ መንግሥት ደንብ ከእኛ ይልቅ በጡረተኛ አበል ላይ የጠነከረ ነው፤ ጡረታ ከወጣም በኋላ ክስ ሊጀመርበት ይችላል። ነገር ግን የፕሬዚዳንቱ ፈቃድ ያስፈልጋል፤ ድርጊቱም ከተፈጸመ 4 ዓመት ካለፈው አይነካም። እነርሱ የሚቆጥሩት ከድርጊቱ ቀን ነው፤ ያ አዋጃችን ግን ይቆጥር የነበረው ከታወቀበት ቀን ነው። «ታወቀ» የምትለው ቃል ታስፈራኛለች፤ ባለ ፋይሉ ዛሬ ዐወቅሁ ቢል ማን ይመረምረዋል? በእርግጥ የህንዶቹ አቈጣጠር ብልኅ ሸሻጊን ይጠቅማል። ቢሆንም ለጡረተኛ እርሱን እመርጣለሁ።

ለደብዳቤው መልሱን በእጄ ጻፍሁላቸው፤ የተጻፈበትንና ነገሩ ሆነ የተባለበትን ቀን ከላይ ጎን ለጎን አስቀመጥሁ፤ እርሳቸውም ፈረሙ። ከመሥሪያ ቤቱ እስከ ዛሬ ቃል አልመጣም። ወር በገባ ቁጥር ከባንክ ሲመለሱ በሬን ያንኳኩና «ዛሬም ገብቷል» ይሉኛል።