የነጋድራሱ ዘንግ

ድሮ፣ ሲራራ ነጋዴ በአጋሰስና በአህያ ጭኖ አገር ላገር በሚዞርበት ዘመን፣ ከባሶ ገበያ እየተነሱ አባይን የሚሻገሩ አንድ ነጋድራስ ነበሩ። ሲሄዱ አሞሌ ጨው፣ ሲመለሱ ቡና፣ ዝባድና የዝሆን ጥርስ ያስጭናሉ። ጭነቱ የእሳቸው ብቻ አልነበረም። ባላገሩም፣ ቄሱም፣ ባል የሞተባት ሴትም አሞሌውን ቆጥሮ ያስረክባቸዋል፤ ሲመለሱም ዋናውን ከነትርፉ ይቀበላል። ከትርፉ አምስተኛው እጅ የነጋድራሱ ነው። ትርፍ ከሌለ ግን የድካም ዋጋ ብሎ ነገር የለም።

ነጋድራሱ በአንደበታቸው የታወቁ ሰው አልነበሩም። ያስከበራቸው መሻገሪያው ላይ የሚያደርጉት ነገር ነው። ቆላውን ወርደው ወንዙ ዳር ሲደርሱ፣ ከማንም ጋር ሳይነጋገሩ፣ በጩቤ ስምንት ቦታ የተጨረተችውን የወይራ ዘንጋቸውን ከዳር ውሃው ውስጥ ይተክሏታል። ከዚያ ድንጋይ ላይ ይቀመጣሉ። ጎህ ሲቀድ ወርደው ውሃው ስንተኛው ጭረት ላይ እንደደረሰ ያያሉ፤ ዐይናቸውን ስለማያምኑ ጭረቱን በጣታቸው ይዳብሳሉ። ውሃው ቀልቶ ከሆነ ደጋው ላይ ዘንቧል ማለት ነው። ማታም እንደዚሁ። ከሦስተኛው ጭረት በታች ካልወረደ አይሻገሩም።

አንድ ዓመት ዘጠኝ ቀን ተቀመጡ። በሶው አልቆ ቆሎ በእፍኝ መታደል ተጀመረ። ከኋላ የደረሰ ሌላ ሲራራ «ነጋድራስ አርጅተዋል» እያለ በፊታቸው ገብቶ ተሻገረ፤ ደህናም ወጣ። ጫኞቹ አጉረመረሙ። እሳቸው ዘንጋቸውን አይተው «ዛሬም አይሆንም» አሉ፤ ሌላ ቃል አልጨመሩም። በዐሥረኛው ቀን ውሃው ወረደ። ሲገቡም፣ ዘወትር እንደሚያደርጉት፣ ፊተኞቹ አራት አጋሰሶች የራሳቸው ነበሩ። ወንዙ የሚወስድ ከሆነ አስቀድሞ የሚወስደው የእሳቸውን ነው።

እንዲህ ሆነው ብዙ ዓመት ኖሩ። ሀብት አገኙ፤ እንቅልፍ ግን አጡ። በበጋ ሌሊት እንኳ ነፋስ የቤታቸውን ክዳን ሣር ሲያንኮሻኩሸው ዝናብ ይመስላቸውና ተነሥተው በር ከፍተው ይቆማሉ። ባለቤታቸው ጋቢ ይዘው ይወጡና ከኋላቸው ጣል ያደርጉላቸዋል። አንድ ሌሊት ባለቤታቸው «በቃ» አሏቸው። እሳቸውም በቃ አሉ።

መተዋቸው እንደተሰማ፣ በገበያው አናት ላይ ትልቅ ጠጅ ቤት የነበራት ኮማሪ መጥታ እጅ ነሣች። «ጌታዬ፣ ይህ ሁሉ እውቀት ቤት ሊቀመጥ ነው? ከእኔ ቤት መደቡ ላይ ይቀመጡልኝ። ማታ ማታ ነጋዴው ተሰብስቦ ስለ ወንዙና ስለ ዋጋው ይጠይቅዎ። ባለጸጋ ብቻ የሚያውቀውን ድኻውም ይወቀው» አለቻቸው። ነጋድራሱ ልባቸው ተነካ። እውነትም ድኻው ይህን የሚነግረው ሰው አልነበረውም። «አንድ ነገር ብቻ» አለች ኮማሪቷ፤ «ሰው ‹ለራሳቸው ጭነት ብለው ነው› እንዳይልዎ፣ ከእንግዲህ መንገድ ላይ አንድም አህያ እንዳይኖርዎ።» ይህም ቅን ሐሳብ ነበር። አጋሰሶቻቸውን ሸጡ፤ ዘንጓንም ከጠጅ ቤቱ ግድግዳ ላይ ሰቀሏት። ክፍያቸው በየማታው በሚጠጣው ብርሌ ልክ ሆነ።

እስካሁን ድረስ በዚህ ታሪክ ውስጥ ያጠፋ ሰው የለም ብዬ አምናለሁ።

የመጀመሪያው ክረምት ያማረ ነበር። ውሃ ሲቀላ ምን ማለት እንደሆነ፣ በየትኛው ኬላ ምን ያህል ቀረጥ እንደሚጠየቅ፣ ቡና በየትኛው ወር እንደሚረክስ ነጋድራሱ አስተማሩ። እረኛው ሁሉ ስለ ጭረት ማውራት ጀመረ። ከዚያ አንድ ማታ አንድ ሰው «ነጋድራስ፣ ውሃው ዛሬ እንዴት ነው?» ሲላቸው «ዛሬ አላየሁትም» አሉ። ወንዙ ከጠጅ ቤቱ የግማሽ ቀን መንገድ ነው፤ ከየት ያዩታል? ሰዉ ትንሽ ጠበቀ። ከዚያ አንድ ሁለት እያለ ተነሥቶ አዝማሪ ወደሚጫወትበት ወደ ወዲያኛው ጠጅ ቤት ሄደ። ኮማሪቷ ምንም አልተናገረችም። ያልተነካውን ጠጅ ወደ ጋኑ ስትመልስ ግን ነጋድራሱ አዩ።

በማግስቱ ሲጠየቁ መልስ ሰጡ። ከዚያ ወዲህ «አላየሁም» የምትለው ቃል ከአፋቸው ወጥታ አታውቅም። ድምፃቸውም እየጨመረ ሄደ። የአጋሰሶቻቸው አንገት ላይ የነበረውን ቃጭል አምጥተው «ተሻገር!» ሲሉ ያቃጭሉታል፤ «ቆይ!» ሲሉ መደቡን በቡጢ ይመታሉ። ሃያ ሰው ተሰልፎ እያንዳንዱ ስለ ራሱ ጭነት ይጠይቃል፤ ለሃያውም ውሃ በምትጠጣበት ጊዜ ውስጥ ይመልሳሉ። ብዙ ጊዜ ትክክል ይሆናሉ፤ ድሮውንም ወንዙን የሚያውቁ ሰው ናቸውና።

መስከረም ሊያልቅ ሲል አንዲት ሴት ተራዋ ደርሶ ከመደቡ ሥር ቆመች። ባሏ ከሞተ ሁለት ዓመቱ ነው። ያላት አንዲት አህያና ስልሳ አሞሌ ነው። «ጌታዬ፣ ነገ ልሻገር ወይስ ልቆይ?» አለች። ነጋድራሱ ቃጭሉን አንሥተው «ተሻገሪ ልጄ! ወንዙ ደህና ነው! ምን ያስፈራሻል!» አሉ። ቤቱ በሳቅና በሆታ ተናጋ። እሳቸው ወደሚቀጥለው ዞሩ።

ሌሊቱን ደጋው ላይ ዘነበ። ሴትየዋ ወንዙ ዳር ስትደርስ ውሃው ቀልቷል። ቆም ብላ አየችው። ግን ከነጋድራሱ አብልጣ እኔ አውቃለሁ እንዴት ትበል? ገባች። መሐል ላይ የአህያዋ እግር ከዳት። ማዶ የነበሩ ሰዎች ገመድ ጥለው አህያዋን አወጡላት፤ ጨው ግን ጨው ነው። አሞሌዎቹ የታሰሩበት ልጥ እንደታሰረ ወጣ። በውስጡ የቀሩት ከብት የላሳቸው ይመስል ሳስተው በጣት የሚሰበሩ ሆነዋል።

በሚቀጥለው የገበያ ቀን መጥታ እርጥቡን ልጥ መደቡ ላይ፣ ከነጋድራሱ ፊት አስቀመጠችው። አልተሳደበችም። ነጋድራሱ አይተው ደነገጡ። «እኔ ያልኩሽ እኮ ስለ ላይኛው መሻገሪያ ነበር» አሉ። እውነታቸውን ነው፤ በልባቸው የነበረው የላይኛው ነበር፣ በዚያ የተሻገሩት ሁሉ ደህና ወጥተዋል። ሴትየዋ በዚህ አልተከራከረችም። ግድግዳው ላይ የተሰቀለችውን ዘንግ አየት አድርጋ፦

«ጌታዬ፣ ያን ዕለት ውሃው ስንተኛው ጭረት ላይ ነበር?» አለቻቸው።

ወንዙን ካዩት ሦስት ዓመት አልፏቸው ነበር።

*

ይህን ምሳሌ ያመጣብኝ ጂም ክሬመር የተባለው አሜሪካዊ ነው። ከዚህ በታች የምጠቅሳቸው ቀኖችና ዓመቶች፣ የኢትዮጵያን ካልሁት በቀር፣ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው። ክሬመር በሃርቫርድ ተምሯል፤ ጋዜጠኛ ሆኖ ሠርቷል፤ ሕግም አጥንቷል። በ1984 ጎልድማን ሳክስ ከተባለው ባንክ ገባ፤ በ1987 የራሱን ሄጅ ፈንድ አቋቋመ። ሄጅ ፈንድ የባለሀብቶችን ገንዘብ ሰብስቦ የሚነግድ፣ እንደ ልማዱም ከትርፉ 20 በመቶ የሚወስድ ድርጅት ነው፤ ልክ እንደ ነጋድራሱ አምስተኛ እጅ። በዚያው ዓመት ጥቅምት 19 ቀን የኒውዮርክ ገበያ ዋና መለኪያ የሆነው ዳው ጆንስ በአንድ ቀን 22.6 በመቶ ወደቀ። ክሬመር ከዚያ ቀደም ብሎ ሸጦ፣ ጥሬ ገንዘብ ይዞ ቆሞ እንደነበር ራሱ ተናግሯል። ዘንጉን ተክሎ ድንጋይ ላይ የተቀመጠበት ወቅት ይህ ነው። በ2000 መጨረሻ ፈንዱን ሲለቅ፣ እሱ እንደሚለው፣ ክፍያው ሁሉ ተቀንሶ በዓመት በአማካይ 24 በመቶ ለደንበኞቹ አትርፎ ነበር።

ከዚያ ወደ መደቡ ወጣ። በመጋቢት 2005 በሲኤንቢሲ ቴሌቪዥን «ማድ መኒ» የተባለውን ዝግጅት ጀመረ። በሥራ ቀን ሁሉ፣ ማታ ማታ ይቀርባል። ክሬመር እጅጌውን ሰብስቦ ይጮኻል፤ ቁልፍ እየመታ ልዩ ልዩ ድምፅ ያሰማል፤ ሰዎች ደውለው የአንድ ኩባንያ ስም ሲጠሩለት ግዙ ወይም ሽጡ ብሎ በሴኮንዶች ውስጥ ይመልሳል። ለራሱ የግል አክሲዮን አይነግድም፤ የሚያንቀሳቅሰው ገንዘብ ለበጎ አድራጎት የተቀመጠ ነው። ይህ ተመልካቹን ለመጠበቅ የታሰበ ንጹሕ አሠራር ነው፤ አላጣጥለውም። ግን ፊተኞቹን አራት አጋሰሶች ከወንዙ ያወጣውም ይኸው አሠራር ነው።

መጋቢት 11 ቀን 2008 አንድ ተመልካች ቤር ስተርንስ ስለተባለው የኢንቨስትመንት ባንክ ጠየቀው፤ ተጨንቄ ገንዘቤን ላውጣ ወይ ነው ጥያቄው። ክሬመር ድርጅቱ ደህና እንደሆነ፣ ገንዘብ ማውጣትም ቂልነት እንደሆነ እየጮኸ መለሰ። በአምስተኛው ቀን፣ እሑድ መጋቢት 16፣ ጄፒ ሞርጋን የተባለው ባንክ ያንን ድርጅት በአክሲዮን 2 ዶላር ሊገዛው ተስማማ፤ በኋላ ዋጋው ወደ 10 ዶላር ከፍ ብሏል። ጥያቄው በቀረበበት ማክሰኞ የአክሲዮኑ ዋጋ ከ60 ዶላር በላይ ነበር። ክሬመር በኋላ የተናገርሁት እዚያ ስለተቀመጠ የደንበኛ ገንዘብ እንጂ ስለ አክሲዮኑ አይደለም ብሏል። በእርግጥም የደንበኞቹ ገንዘብ አልጠፋም። የላይኛው መሻገሪያ ደህና ነበር። ድምፁን ሰምተው ወደ ታችኛው የወረዱት ግን ተራ ሰዎች ናቸው።

ብዙዎች ክሬመርን የሚከሱት ስለተሳሳተ ነው። እኔ በዚህ አልስማማም። ፈንድ ሲመራም ተሳስቷል፤ ወንዝ የማይወስደው ነጋዴ የለም። ደግሞም ተመልካቹ ስለ እያንዳንዱ አክሲዮን በሳምንት አንድ ሰዓት እንዲያጠና ደጋግሞ የመከረ ሰው ነው። የሚያሳዝነኝ ሌላ ነው። የፈንድ መሪ ከሥራው ሁሉ ትልቁ፣ ምንም ሳያደርግ መቀመጥ የሚችልበት ቀን ነው፤ 1987ን ያሻገረውም ያ ነው። የማታ ዝግጅት ግን በዝምታ አይሞላም። ያ ሰው ከወንዙ ወደ ቴሌቪዥን ሲሄድ እውቀቱን ይዞ ሄደ፤ ዝም ማለቱን የሚከፍልለት ግን አጣ።

ጉዳዩ የሩቅ አገር ብቻ ቢሆን ኖሮ ባላነሣሁት። የኢትዮጵያ ሰነደ ሙዓለ ንዋዮች ገበያ በእኛ አቆጣጠር ጥር 2 ቀን 2017 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ ተከፍቷል፤ ወጋገን ባንክም መጀመሪያ የተመዘገበው ኩባንያ ሆኗል። የኢትዮ ቴሌኮም አክሲዮን በስልክ እየተሸጠ አንዱ 300 ብር ሲባል፣ ስለ አክሲዮን ሰምቶ የማያውቅ ሰው ሁሉ ገዢ ሆኖ አይተናል። ገበያ ካለ መደብ ይኖራል፤ መደቡ ላይ የሚቀመጡት ሰዎችም መምጣታቸው አይቀርም። አዋቂዎች ይሆናሉ፤ ያስፈልጉናልም።

እናንተ ወደዚያ መደብ የምትወጡ ወንድሞችና እኅቶች፣ የተጠየቃችሁትን ድርጅት መዝገብ ሳታዩ የመጣችሁበት ማታ ሲኖር «ዛሬ አላየሁትም» በሉን። እኛም አድማጮች ያን ማታ ብርሌያችንን ትተን ወደ አዝማሪው ቤት አንሂድባችሁ።