ግሉኮስ የተከሰሰበት ችሎት

በዋርካው ሥር ችሎት ተሰይሟል። ተከሳሹ በደም ሥር የሚሰጥ ፈሳሽ ነው፤ አገሩ በጥቅሉ ግሉኮስ ይለዋል። ክሱ፣ ትኩሳት ያዝለፈለፋቸውና እጅ እግራቸው የቀዘቀዘ ሕፃናት ላይ በአንድ ጊዜ በብዛት እየተለቀቀ ነፍስ አጥፍቷል የሚል ነው። ተከሳሹ ሳቀ። ነፍስ አዳኝ እየተባለ ለኖረ እንዴት አያስቅ!

መጀመሪያ የቆሙለት አቶ ልማድ ናቸው። ጋቢያቸውን አስተካክለው፣ “እኛ የተማርነው እንዲህ ነው፤ ያስተማሩንም የተማሩት እንዲሁ ነው” አሉ። ዳኛው “እርስዎ ራስዎ ምን አዩ?” ቢሏቸው የመምህሮቻቸውን ስም መዘርዘር ያዙ።

ወይዘሮ አየሁ ተከተሉ። “ሰዓት ሳይሞላ የልጁ እጅ ሞቀ፣ ዓይኑን ገለጠ፤ በዓይኔ በብረቱ አይቻለሁ!” ችሎቱ አጨበጨበ። ሴትዮዋ አልዋሹም፤ ይህን ያዙልኝ።

አቶ መዝገቡ ደግሞ ለከሳሽ ቆሙ። “ብዙ ፈሳሽ ከወሰዱት ብዙ ሞተዋል።” “ብዙውን የምትሰጡት ለማን ነበር?” “በጠና ለታመመው።” “ታዲያ ሕመሙ ይግደለው ፈሳሹ በምን ለዩ?” አሏቸው ዳኛው። መዝገቡ ዝም አሉ።

በመጨረሻ ዕጣ የሚባል ወጣት ተጠራ። “ጌታዬ፣ በኬንያ፣ በኡጋንዳና በታንዛኒያ 3,141 ሕፃናት ነበሩ፤ ውጤቱ በ2011 እ.ኤ.አ. ታትሟል። ለማን እንደሚለቀቅ የወሰንሁት እኔ እንጂ ሐኪሙ አይደለም፤ ስለዚህ የባሰበትም የተሻለውም በየወገኑ ተመጣጥኖ ደረሰ። በፍጥነት ከተለቀቀላቸው በ48 ሰዓት ውስጥ ከመቶ 10.5 ያህሉ ሞቱ፤ ቀስ ብሎ ብቻ ከተንጠባጠበላቸው 7.3። ጥናቱም ሳይጠናቀቅ እንዲቆም ተደረገ።”

“እኔ ያየሁትስ?” አሉ ወይዘሮ አየሁ።

“እውነት ነው እትዬ። በመጀመሪያው ሰዓት ፈሳሽ የወሰዱት ይበልጥ ያገገሙ መስለው ነበር። እርስዎ ግን ከዚያ በኋላ ወደ ቤትዎ ሄዱ፤ ያልተለቀቀላቸውንም አላዩም።”

እኔ ከነገሩ ሁሉ ይህን እፈራለሁ፤ በአንድ ሰዓት እውነት የነበረ ምስክርነት በሁለት ቀን ሲገለበጥ።

ዳኛው ግን ለዕጣም አላጎበደዱም። “አንተስ ያላየኸው የለም?” “አለ። በተቅማጥ የደረቁትን፣ በምግብ እጥረት ክፉኛ የተጎዱትን አላካተትሁም። የመተንፈሻ መሣሪያ ያለበት ሆስፒታልም አልነበርሁም።”

ስለዚህ ተከሳሹ በተቅማጥ ለደረቀ ሕፃን የመስጠት ፈቃዱ አልተነካም፤ እጁ የተያዘው ዕጣ ባያቸው ሕፃናት ላይ ብቻ ነው። ከዚያ ዳኛው ወንበር አዛወሩ፦ ዕጣ ከፊት፣ ቀጥሎ መዝገቡ፣ ቀጥሎ አየሁ፣ ከዳር አቶ ልማድ። “ወንበሩ ርስት አይደለም” አሉት ለዕጣ፤ “ማኅደርህ ውስጥ እጅ የገባበት እንደሆን ወደ ኋላ ትሄዳለህ።”

አቶ ልማድ ከዳር ሆነው “ይግባኝ እላለሁ!” ሲሉ ዳኛው “መብትዎ ነው፤ ሲመጡ ግን ስም ሳይሆን ዕጣ ይዘው ይምጡ” ብለው የሚቀጥለውን ባለጉዳይ አስጠሩ።