ካሜራና ስለት

በዓል የሚደረገው ለማን ነው? ለአክባሪው ነው ወይስ ለተመልካቹ? ጥያቄው ቀላል ቢመስልም፣ የሕዝብን ወግ በዘጋቢ ፊልም ለማሳየት የተነሣ ከያኒ ካሜራውን ከመደገኑ አስቀድሞ ሊመልሰው የሚገባ ነው።

ድሬዳዋ የባቡር ሐዲድ በ1895 ዓ.ም. ሲደርስ የተቆረቆረች፣ እንግዳ መቀበልን ከልደቷ የተማረች ከተማ ናት። ከዚራና መጋላ ደቻቱን በመካከላቸው አድርገው ዒዱንም ጥምቀቱንም አብረው ሲያሳልፉ ኖረዋል። ታኅሣሥ 19 ሲቃረብ ደግሞ የቁልቢ ገብርኤል ተጓዥ ማረፊያ ትሆናለች። ቤተ ክርስቲያኑን ከዐድዋ ድል በኋላ ያሠሩት ራስ መኮንን ናቸው፤ ትውፊት የስለት ፍሬ ነው ይለዋል። ዛሬም ተሳላሚው ጧፍና ጃንጥላ ይዞ፣ አንዳንዱም በባዶ እግሩ ድንጋይ ተሸክሞ ዳገቱን ይወጣል።

ከጥቂት ዓመታት በፊት ለአንድ ወጣት የፊልም ባለሙያ ትረካ ልጽፍ በዚያ መንገድ አብሬው ተጉዤ ነበር። አንዲት እናት ድንጋይ አዝላ ዳገቱን ጨርሳ ስትደርስ፣ ብርሃኑ ያላረካው ጓደኛዬ ጥቂት ወደ ታች ተመልሳ ዳግመኛ እንድትወጣ ለመናት። ሴትዮዋ ስለቷን አንድ ጊዜ እንዳደረሰች ነግራው አለፈች። እርሱ ሲለምናት እኔ አልከለከልሁትም። ትረካዬ የሚያምርልኝ መስሎኝ ነበርና።

ፈተናው አዲስ አይደለም። ሮበርት ፍላኸርቲ እ.ኤ.አ. በ1922 ባሳየው «ናኑክ ኦቭ ዘ ኖርዝ» በተሰኘው ፊልሙ፣ ጠመንጃ የለመዱትን የሰሜን ካናዳ ኢኑይት አዳኞች እንደ አባቶቻቸው በጦር እንዲያድኑ አድርጓል። የሚሟገቱለት ሰዎች የሚጠፋውን ለማቆየት ሲል ነው ይላሉ። ሙግቱ በከንቱ የሚጣል አይደለም። ያልተቀረጸ ወግ ከባለቤቱ ጋር የሚቀበርበት ጊዜ ብዙ ነው፤ ኃይሌ ገሪማም እ.ኤ.አ. በ1999 በወጣው «ዐድዋ» ፊልሙ የአዛውንትን ቃል ለትውልድ ማቆየቱ የሚመሰገን ሥራ ነው።

ሆኖም የተደገመ ሥራና የተደገመ ስለት አንድ አይደሉም። ሸማኔ ለካሜራ ሲል መወርወሪያውን ደግሞ ቢወረውር ጥበቡ አይጎድልም። ስለት ግን በተሳላሚውና በአምላኩ መካከል ያለ ቃል ነው፤ ለሦስተኛ ወገን ሲደገም ተውኔት ይሆናል። እኔ ተውኔት ጸሐፊ ነኝና ተውኔትን አልንቅም። ነገር ግን ተዋናይ ወደ መድረክ የሚወጣው ወድዶና ዐውቆ ነው።

ታዲያ ካሜራው ይቅር ማለታችን ነውን? አይደለም። ዣን ሩሽና ኤድጋር ሞራን እ.ኤ.አ. በ1961 በወጣው «የአንድ በጋ ዜና መዋዕል» የተቀረጹትን ሰዎች ሰብስበው ቀረጻውን አሳይተዋቸዋል፤ የሰጡትንም ነቀፌታ ከፊልሙ ውስጥ አስገብተውታል። የእኛም ከያኒ አስፈቅዶ ሊቀርጽ፣ ሥራውንም መልሶ ለባለቤቶቹ ሊያሳይ ዕዳ አለበት። የሚመዘነውም በዚሁ ነው። ያቺ እናት ከጎረቤቶቿ ጋር ተቀምጣ ፊልሙን ስታይ አንገቷን የማትደፋ ከሆነ፣ ብርሃኑ ቢደበዝዝም ግድ የለም።